ከዓለም ገና እስከ ታበሰ፦ ሌላ ዓለም የሚያሳይ መስታወት ለልብ ወለዳችሁ እንዴት ትሠራላችሁ?

አየር ጤና ታክሲ ተራ ላይ ረዳቱ «ዓለም ገና! ዓለም ገና! ሁለት ሰው!» እያለ ይጣራል። እዚያ ሰፈር ስኖር ዓመታት አልፈዋል፤ ጥሪውን እንደማንም ሰው የቦታ ስም ብቻ አድርጌ ነበር የምሰማው። አንድ ምሽት ግን ሰልፍ ላይ ቆሜ አልሳካ ያለኝን ልብ ወለድ በልቤ አመነዥግ ነበር። ድርሰቱ ስለ አስማተኛ መስታወት ነው። መስታወቱን ያስቀመጥኩት በረዶ በከበበው ግንብ ውስጥ፣ ስሙን እኔ ራሴ በወጉ መጥራት በማልችለው ንጉሥ እልፍኝ ነው። ሦስት ወር ሙሉ አልከፈት ብሎኛል። ረዳቱ ደገመና «ዓለም ገና!» አለ። ያኔ ቃሉ ለሁለት ተከፈለልኝ። ዓለም። ገና። እኔ ገና ያልተፈጠረ ዓለም ፍለጋ በሐሳቤ በረዶ ስጠርግ፣ ሰውዬው በታክሲ ሂሳብ ላድርስህ እያለኝ ነበር።

ግንቡን የዚያኑ ማታ ጣልኩት። ከዚህ በታች ያለው፣ መስታወቱን ወደ ሰፈሬ አምጥቼ እንደ አዲስ የሠራሁበት መንገድ ነው። የእኔን ዓለም እንደ ምሳሌ ተጠቀሙበት፤ የናንተን ግን ከናንተ ሰፈር ሥሩ። የሚያስፈልጋችሁ ደብተር፣ ክንድ የሚያህል መስታወት፣ ቁራጭ ሳሙና፣ ዲጂታል ያልሆነ የግድግዳ ሰዓትና መብራት የጠፋበት አንድ ምሽት ነው። የመጨረሻው እኛ ጋ ችግር የለበትም።

እርምጃ 1፦ ከመጻፋችሁ በፊት እዩት

አብዛኛው ጀማሪ መስታወቱን ሳያይ ወደ አስማቱ ይሮጣል። አንባቢ ግን ቤቱ መስታወት አለው። እናንተ ያላያችሁትን እሱ በየጠዋቱ ያየዋል። ስለዚህ መጀመሪያ ተራውን መስታወት እንደ እንግዳ ዕቃ መርምሩት።

ፊት ለፊቱ ቁሙና አንድ ዓይናችሁን ጨፍናችሁ በሳሙናው የፊታችሁን ዳር ዳር መስታወቱ ላይ ሣሉ። ከግንባር እስከ አገጭ ያለውን ለኩ። ያገኛችሁት የፊታችሁን ግማሽ ነው። አሁን ሁለት ሜትር ያህል ወደ ኋላ ሂዱና በዚያው ዓይን እዩ፤ ፊታችሁ አሁንም በዚያው የሳሙና ክብ ልክ ይገጥማል። እናንተ ከመስታወቱ በራቃችሁ ቁጥር ምስላችሁም በዚያው ልክ ወደ ኋላው ይርቃል። ራሱን ከእግር እስከ ራስ ማየት የሚፈልግ ሰው የቁመቱን ግማሽ የሚያህል መስታወት ይበቃዋል፤ ቢቀርብም ቢርቅም ለውጥ የለውም። መዳፍ የምታክል፣ 10 ሳንቲ ሜትር የሆነች መስታወት ደግሞ ከራሳችሁ 20 ሳንቲ ሜትሩን ብቻ ታሳያችኋለች። ይህችን ቁጥር ያዟት፤ ኋላ ታሪኩን የምትሸከመው እሷ ናት።

ቀጥሎ የእስክሪብቶ ጫፍ መስታወቱን አስነኩት። የእስክሪብቶው ጫፍና የምስሉ ጫፍ አይነካኩም፤ መሃላቸው ስስ ክፍተት ይታያል። የሚያንጸባርቀው ሽፋን ያለው ከብርጭቆው ኋላ ስለሆነ ነው። ጀርመናዊው ኬሚስት ዩስቱስ ፎን ሊቢግ በ1835 እ.ኤ.አ. ብርን በቀጭኑ ብርጭቆ ላይ የሚያለብስበትን ዘዴ ካገኘ ወዲህ፣ የቤታችን መስታወት ይህችን ክፍተት ይዞ ይኖራል። የብርጭቆው ውፍረት የፈጠራት ናት። እኔ ግን ድንበር ብዬ ጻፍኳት።

ስለ ግራና ቀኝ ብዙ አላደክማችሁም። መስታወት ግራና ቀኝን ይገለብጣል የሚባለው ልክ አይደለም። ቀኝ እጃችሁን አንሱ፤ ምስሉም የሚያነሣው በዚያው በቀኝ በኩል ያለውን እጅ ነው። የተገለበጠው ፊትና ኋላ ነው። እናንተ ወደ ወጨጫ ተራራ ዞራችሁ ከቆማችሁ፣ መስታወቱ ውስጥ ያለው ሰው ለወጨጫ ጀርባውን ሰጥቷል። «በዚያኛው ዓለም ሁሉም ሰው ግራኝ ነበር» የሚል ድርሰት ካላችሁ እንደገና አስቡበት።

አሁን የመብራቱ ነገር። እኛ የፊት ማያውንም የመስኮቱንም ብርጭቆ በአንድ ቃል «መስታወት» እንላለን። ፈረንጆቹ ሁለት ቃል አላቸው። እኔ ይህን እንደ ድህነት አላየውም፤ ለዚህ ዓይነት ድርሰት ትልቅ ሀብት ነው። ማታ ክፍላችሁ በርቶ ወደ መስኮቱ ብትመለከቱ የምታዩት ራሳችሁን ነው። ተራ የመስኮት ብርጭቆ ከሚያርፍበት ብርሃን ወደ 8 በመቶ የሚሆነውን ይመልሳል፤ ውጭው ሲጨልም ያቺ 8 በመቶ ትነግሣለች። በዚህ መሃል መብራት ጠፋ እንበል። ያ የናንተ ፊት የነበረው ባንድ ጊዜ የጎረቤት ግቢ፣ የውሃ ታንከር፣ ከጥግ ያለች የባሕር ዛፍ ይሆናል። ብርጭቆው አልተለወጠም። መስታወት ሆኖ ሳለ መስኮት ሆነ፤ ስሙንም መቀየር አላስፈለገውም። እኔ ይህን ያየሁት ሻማ ስፈልግ እግሬ ከበርጩማ ጋር ተጋጭቶ ስራገም ነው። ከዚያ ወዲህ «በድንገት መስታወቱ ተከፈተ» የሚል ዓረፍተ ነገር ጽፌ አላውቅም። መብራት ጠፋ ብዬ እጽፋለሁ።

የመጨረሻው ልምምድ ትንሽ ያስፈራል፤ ልጆች ባሉበት አታድርጉት። ሻማውን ከኋላችሁ አስቀምጡና በደብዛዛው ብርሃን የራሳችሁን ፊት 10 ደቂቃ ያህል ዓይን ሳትነቅሉ እዩ። ጣሊያናዊው የሥነ ልቦና ተመራማሪ ጆቫኒ ካፑቶ በ2010 እ.ኤ.አ. እንዳሳተመው፣ በዚህ ሁኔታ ብዙ ሰው ፊቱ ሲጣመም፣ የማያውቀው ሰው ወይም የሞተ ዘመድ ሲመስል ያያል። ዓይን አንድ ነጥብ ላይ ሲተክል ዳር ዳሩን ማየት ይተዋል፤ አእምሮ ደግሞ ባዶውን በራሱ ይሞላዋል። እኔ አያቴን አየሁ፤ ጢሙ እንኳ ሳይቀር። ያያችሁትን እዚያው ደብተራችሁ ላይ ጻፉ፤ ሲነጋ ታፍሩበታላችሁ፣ ግን አትሰርዙት።

እርምጃ 2፦ መስታወቱን ከየት እንዳመጣችሁት ወስኑ

ሰፈራችሁን አንድ ዙር ዙሩና መስታወት ቁጠሩ። ባጃጁ ስፖኪዮ አለው፤ ቃሉ ራሱ ከጣሊያንኛ የመጣ ነው፣ እዚያም መስታወት ማለት ነው። ፀጉር አስተካካዩ ጋ ሁለት መስታወት ፊት ለፊት ተፋጠው ማጅራታችሁን ማለቂያ በሌለው ሰልፍ ይደረድሩታል። ቁም ሳጥን አለ። መስታወት ቤቱ ውስጥ ቆራጩ በአልማዙ ጫፍ መስመር አስምሮ ቀጭ ሲያደርገው የሚሰማው ድምፅ አለ። ከፈለጋችሁም መጽሔት ሻጩ ጋ ቁሙ፤ «መጽሔት» በግዕዝ መስታወት ማለት ነው።

እኔ የመረጥኩት የልብስ ሰፊ ቤት መስታወት ነው። ምክንያቴ «ልክ» ነው። ልብስ ሰፊ ቤት ሰው የሚመጣው ለመለካት፣ ያልሆነውን ለብሶ ለማየት ነው። የአገራችን ጠልሰምም በልክ ይሠራ ነበር፤ በበግ ወይም በፍየል ብራና ላይ የሚጻፈው ክታብ ርዝመቱ የባለቤቱን ቁመት እንዲያህል ይደረጋል፣ ትልልቅ ዓይኖችም ይሣሉበታል። ከራስ እስከ እግር የሚጠብቅ ዕቃ ከራስ እስከ እግር መሆን አለበት። አስማትና ልብስ ስፌት ሜትር እንደሚዋዋሱ ያየሁት እዚህ ላይ ነው።

አስማቱ ግን ከየት ይምጣ? «ጥንታዊ መስታወት ነበር» ብሎ ማለፍ ስንፍና ነው። ከሚታወቁት መስታወቶች ሁሉ ቀደምቶቹ የተገኙት በዛሬዋ ቱርክ፣ ቻታልሆዩክ ነው፤ ወደ 8,000 ዓመት ይሆናቸዋል። የተሠሩት ከእሳተ ገሞራ ከሚወጣ፣ ብርጭቆ ከሚመስል ጥቁር ድንጋይ ነው። እኛ ባልጩት የምንለው። እና ከዓለም ገና በቡታጅራ መንገድ ብትወርዱ፣ ከአዲስ አበባ 50 ኪሎ ሜትር ያህል ርቃ፣ አዋሽ ዳር መልካ ቁንጡሬ አለች። አጠገቧ ያለው ቦታ ስሙ ባልጪት ነው። ሰው ወይም የሰው አያት ከ1 ሚሊዮን ዓመት በላይ ከዚያ ጥቁር ድንጋይ መሣሪያ ሲጠርብ ኖሯል። ሁለቱም በ2024 እ.ኤ.አ. በዩኔስኮ የዓለም ቅርስነት ተመዝግበዋል። እስከዚህ እውነት ነው። ከዚህ በኋላ የኔ ፈጠራ፦ ከዚያ ድንጋይ አንዷ ለመጥረቢያ ሳይሆን ለመታየት ተፈትጋ ነበር።

በታሪኬ የልብስ ሰፊዋ መስታወት ተራ መስታወት ነው። ግራ ታችኛው ማዕዘኑ ግን ተሰብሮ ኖሮ፣ የቀድሞው ባለቤት በምትኩ መዳፍ የምታክል ባልጩት ገጥሞበታል። ሌላው ዓለም የሚታየው በዚያች ማዕዘን ብቻ ነው። ይህ ውሳኔ ሦስት ነገር በነፃ ሰጠኝ። አንደኛ፣ ለማየት መንበርከክ ግድ ነው። ሁለተኛ፣ ያቺን 20 ሳንቲ ሜትር አስታወሳችሁ? ባለታሪኳ የዚያኛዋን ራሷን በቁራጭ ብቻ ነው የምታያት። አንድ ቀን እጅ፣ አንድ ቀን አንገት፤ ሙሉዋን በጭራሽ። ሦስተኛውን የሰጠኝ እስክሪብቶው ነው። ባልጩት ብርሃኑን የሚመልሰው ከላይ ገጹ ላይ እንጂ እንደ ቤት መስታወት ከጀርባው አይደለም። ጫፍ ብታስነኩት ከምስሉ ጫፍ ጋር ይገጥማል። ክፍተት የለም። ድንበር የለም።

እርምጃ 3፦ ዓለሙን በፊደል ሰይሙት

የፈጠራ ዓለም ስም ስታወጡ ባዕድ የሚመስል ድምፅ አትፈልጉ። ወረቀት ላይ በትልቁ «ሰበሰበ» ብላችሁ ጻፉና ለመስታወት አሳዩት።

በሰበሰ።

በ፣ ሰ፣ ለ፣ ሀ፣ ሠ፣ ጠ ጎንና ጎናቸው ስለሚመጣጠን መስታወት አይረብሻቸውም፤ ቅደም ተከተላቸው ብቻ ይዞራል። እዚህ የሰበሰበው እዚያ ይበሰብሳል። ይህን ያገኘሁ ዕለት ጎረቤት ጠርቼ ነው ያሳየሁት፤ እሷም «ታዲያ ቶሎ ካልበሉት ምን ይሆናል?» ብላኝ ወደ ሽንኩርቷ ተመለሰች። ሰምና ወርቅ የለመደ ጆሮ እንዲህ ያለውን ነገር አይስተውም። አንድ ቃል ሆድና ጀርባ አለው፤ መስታወቱ ጀርባውን ነው የሚያነብበው።

እኔ የሰፈር ስሞችን በሙሉ ገለበጥኩ። ካራ ቆሬ ምንም አልወጣትም። ወለቴም እንደዚያው። ከዓለም ገና ቀጥላ ያለችው ሰበታ ግን ተገልብጣ «ታበሰ» ሆነች። መስታወት የሚሆነውም ይኸው ነው፤ ይታበሳል። የታ እግር ወደ ተቃራኒው ይዞራል፣ ልክ ነው፤ እሱን አንባቢው እንዲያስተውለው ተውኩት። ዓለሜ ስሟ ታበሰ ሆነ፣ መግቢያዋም ማበስ።

ባለታሪኳ ሰበለ ትባላለች። «ሰብለ» ያላልኩት ሆን ብዬ ነው፤ ብ እጀታዋን ይዛ ታስቸግራለች። ሰበለ ተገልብጣ «ለበሰ» ትሆናለች። ልብስ ሰፊ ናት፣ የሌላ ሰው ሕይወት ትለብሳለች፤ ስሟ ይህን ሁሉ ከእኔ በፊት ያውቅ ነበር። በናንተ ድርሰት ላይ ይህ እንዲሆን ሁለት መቶ ስም መገልበጥ ሊኖርባችሁ ይችላል። ገልብጡ። አሰልቺ ነው፤ ከዚህ የሚያቋርጥ መንገድ አላገኘሁም።

እርምጃ 4፦ ሰዓቱን ወስኑ

ሁልጊዜ የሚከፈት በር በር አይደለም። ብዙ ሰው እኩለ ሌሊትን ይመርጣል፤ እኩለ ሌሊት ግን የኛ ሰዓት አይደለም፣ የኛ ቀን የሚቆጠረው ከንጋት ነው። የግድግዳ ሰዓቱን አውርዱና 3 ሰዓት ላይ አድርጋችሁ በመስታወት እዩት። 9 ይላል። በፈረንጅ አቆጣጠርም ያኔ 9 ሰዓት ነው! አሁን 9 ላይ አድርጉት፤ መስታወቱ 3 ይላል፣ ፈረንጁም 3 ይላል። ሌላ ሰዓት ሞክሩ። 1 ሰዓት በመስታወት 11 ይሆናል፣ በፈረንጅ ግን 7 ነው። 12ም 6ም አይሠሩም። ዘንጉን ሙሉውን ብታዞሩት መስታወቱና ፈረንጁ የሚስማሙት 3 እና 9 ላይ ብቻ ነው፤ በቀን አራት ጊዜ ማለት ነው፦ ጠዋት፣ ከሰዓት በኋላ፣ ማታና ሌሊት።

ስለዚህ ታበሰ የምትታየው በ3 እና በ9 ሰዓት፣ ለአንድ ደቂቃ ነው። በሁለት አቆጣጠር መሃል ለሚኖር ሕዝብ ይህ ማብራሪያ አያስፈልገውም። የባንክ ቀጠሮ በፈረንጅ ሰዓት ተይዞለት ስድስት ሰዓት አሳልፎ የደረሰ ሰው ሌላ ዓለም ምን እንደሆነ ያውቃል።

እርምጃ 5፦ መንገዱ የተለየበትን አንዱን ቀን ፈልጉ

በ1957 እ.ኤ.አ. አሜሪካዊው የፊዚክስ ሰው ሂዩ ኤቨሬት፣ በጥቃቅኑ የቁስ ዓለም አንድ ልኬት ሊሰጥ የሚችለው ውጤት ሁሉ በየራሱ ቅርንጫፍ ይከሰታል የሚል ሐሳብ አቅርቦ ነበር። ደስ የሚል ሐሳብ ነው፤ እናንተ ግን ድርሰታችሁ ውስጥ ፕሮፌሰር አታስገቡ። ስፍር ቁጥር የሌለው ዓለም ለፊዚክስ ይመቻል፣ ለታሪክ ግን ይበዛል። አንድ ዓለም፣ አንድ ቀን፣ አንድ ውሳኔ።

ውሳኔው አንባቢ ቤት ውስጥ የሚገኝ ይሁን። ለከተማ ዳር ሰው «ያ ቢሆን ኖሮ» ብርቅ አይደለም። በ1997 ዓ.ም. ተመዝግቦ የኮንዶሚኒየም ዕጣ የወጣለትና ያልወጣለት ወንድማማች አለ። መሬቱን በጊዜው የሸጠና ያልሸጠ ጎረቤት አለ። እነዚህ ሁሉ ከድራጎን የተሻሉ ናቸው። እኔ የመረጥኩት ይህን ነው፦ ሰበለ በ22 ዓመቷ እጇ ላይ ገንዘብ ነበራት። ለደላላ ከፍላ ጅዳ ልትሄድ ወይም የስፌት መኪና ልትገዛ። እናቷ ታመሙና መኪናውን ገዛች። በታበሰ ያለችው ሄደች። በቃ፣ ልዩነቱ ይኸው ነው።

ከዚህ አንድ ልዩነት የሚወለደውን እንጂ ሌላ ነገር አትጨምሩ። እኔ ደካማ ጎኔን ስለማውቀው አንዲት ብቻ ፈቀድኩ። የጅቡቲው ኤሌክትሪክ ባቡር ሐዲድ አንደኛው ጫፍ ሰበታ ነው፤ እኛ መነሻ እንለዋለን። በታበሰ ያው ጣቢያ መድረሻ ነው፣ ሰው ሁሉ የሚወርድበት እንጂ የሚሳፈርበት አይደለም። አንድ መስመር ጻፍኩና ተውኩት።

እርምጃ 6፦ ዋጋውን አስከፍሉ

ያለ ዋጋ የሚታይ ሌላ ዓለም ቴሌቪዥን ነው። ዋጋው ግን ከውጭ የሚለጠፍ ቅጣት ከሆነ አንባቢ ይሸተዋል፤ ከዓለሙ ስም ወይም ከሕጉ መውጣት አለበት። የኔ ቀላል ነበር፤ ስሟ ታበሰ ነውና አንድ ነገር ይታበሳል። ሰበለ ማዕዘኑን አብሳ ባየች ቁጥር፣ ከራሷ ትዝታ አንዱ አብሮ ይጠረጋል። እሷ አታውቅም። አንባቢው ያውቃል። መጀመሪያ የሚጠፋው ትንሽ ነገር ነው፦ የክር ቀለም ስም፣ የደንበኛ ልክ።

የመጀመሪያው ረቂቄ ላይ ዋጋው ይህ ብቻ አልነበረም። ጨረቃ ሙሉ መሆን ነበረባት፣ ጳጉሜን መግባት ነበረባት፣ ደም ነበር፣ ጠበልም ነበር። ያነበበልኝ ጓደኛዬ «ይህ መስታወት ነው ወይስ የኮንዶሚኒየም ቅድመ ሁኔታ?» አለኝ። ሁሉንም አወጣሁ።

አንድ ሰው ግን ከዋጋው ነፃ እንዲሆን አደረግሁ። ሰበታ የታወቀ የዓይነ ስውራን ትምህርት ቤት አለ። ከዚያ ተምሮ የወጣ የሰበለ ጎረቤት ፈጠርኩ፤ ሱቁ ሲመጣ ባልጩቷን በጣቱ ይዳስሳታል። ዋጋውን የሚያስከፍለው ማየት ነውና እሱ ምንም አይጠፋበትም። ከሰበለ ላይ የጠፋውን ሁሉ የሚያስታውሰው እሱ ሆነ። ይህን አቅጄ አልነበረም፤ ሕጉ ጠባብ ሲሆን ሰው ራሱ እየመጣ ይገባበታል።

እርምጃ 7፦ አንዷን ደቂቃ በዝግታ ጻፉ

እስካሁን የሠራችሁት ሁሉ የሚፈተነው በአንድ ትዕይንት ነው። ቅጽል ቆጥቡ፤ «አስደናቂ»፣ «ምስጢራዊ»፣ «የሚያብረቀርቅ» የሚሉትን አንድም ቦታ አልተጠቀምኩም። የኔ እንዲህ ነው፦

ሦስት ሰዓት ሊሆን ሁለት ደቂቃ ሲቀረው ሰበለ ጠመኔውን አስቀመጠች።

«አንዴ ቁሚልኝ እማዬ፣ ክንድሽን ዘርጊ» ብላ ልክ ወሰደች። ሜትሩን አንገቷ ላይ ጣል አድርጋ ከመስታወቱ ሥር ተንበረከከች።

«ደግሞ ምን ወደቀብሽ?»

«መርፌ ነው እማዬ። አትንቀሳቀሺ።»

በነጠላዋ ጫፍ ጥቁሩን ማዕዘን አበሰችው። እጅ ታየ። የራሷ እጅ ነው፤ ግን አመልካች ጣቱ ላይ የመርፌ ጠባሳ የለውም፣ ቆዳውን በረኪና በልቶታል። እጁ ጨርቅ ይዟል። እሱም ከዚያ በኩል ያብሳል። ሁለቱ ጨርቆች ጫፍ ለጫፍ ገጠሙ፣ ምንም አልቀዘቀዛትም። የግድግዳው ሰዓት ቀጭ አለ።

ሰበለ ተነሥታ ጉልበቷን አራገፈች። ሜትሩን ከአንገቷ ላይ አውርዳ ሴትዮዋን አየቻቸው።

«ይቅርታ፣ አስቆምኩዎት። ክንድዎን አንዴ ይዘርጉልኝ እማማ።»

ትዕይንቱ እዚህ ያልቃል። ቀጥሎ «ሰበለ እናቷን ረስታ ነበር» ብዬ ጽፌ ነበር፤ ከዚያ ሰረዝኩት። «እማዬ» ያለ አፍ «እማማ» ካለ፣ «አንቺ» ያለ «እርስዎ» ካለ፣ አማርኛ ተናጋሪ የሆነ ሰው ሌላ ማስረጃ አይጠይቅም። የምትጽፉበት ቋንቋ በአንድ ፊደል ሰውን ከልጅነት ወደ ባዕድነት ማሻገር ይችላል። ይህን መሣሪያ ትታችሁ መብረቅና ጭስ አትጥሩ። ያቺ ሴት ላለመሄድ የወሰነችው ለማን ብላ እንደነበር ደግሞ እርምጃ 5 ላይ አስቀምጠናል።

እርምጃ 8፦ ቀዩን እስክሪብቶ አንሡ

ረቂቁን ለአንድ ሳምንት አስቀምጡት። ከዚያ የሚከተሉትን ካገኛችሁ ሳታዝኑ አውጡ። ሁሉን የሚያውቅና ለባለታሪኳ የመስታወቱን ሕግ ቁጭ ብሎ የሚያስረዳ ሽማግሌ። ይህ ሰውዬ በኛ ድርሰት ውስጥ መቋሚያ ይዞ ዛፍ ሥር ይቀመጣል፤ ጡረታ ይውጣ። ከእንቅልፍ ባንኖ «ለካ ሕልም ነበር» ማለት። ክፉው መንትያ ራስ፤ በታበሰ ያለችው ሰበለ ክፉ አይደለችም፣ ደክሟታል እንጂ። ከመስታወቱ የሚወጣ ድምፅ ካለም ሕጉ ይፈቅደው እንደሆነ ጠይቁ። እኔ ድምፅ አያልፍም ብዬ ስለነበር ሁለት የሚያምሩ ንግግሮች ጣልኩ፤ አንዱ እስካሁን ያንገበግበኛል።

ቀጥሎ ጮክ ብላችሁ አንብቡት፤ ከተቻለ ድርሰት ለማይወድ ሰው። እኔ ያነበብኩት ለጎረቤቴ ነው፤ ቡና እስክታፈላ ብቻ ነው የፈቀደችልኝ። «እማማ» ላይ ስደርስ ረከቦቱን ትታ ቀና አለች። ሌላ አስተያየት አልሰጠችኝም፣ እኔም አልጠየቅሁም።

አንድ የዕቃ ምክር ልጨምር። ለመለማመጃ የሚሆን ትልቅ መስታወት ብትገዙ በባጃጅ አታጓጉዙት። የኔው ዓለም ገና መገንጠያ ላይ ጉድጓድ ውስጥ ገብተን ግራ ታችኛው ማዕዘኑ ወለቀ። ለታሪኩ ጠቀመኝ፤ የመስታወቱን ሂሳብ ግን ማንም አልመለሰልኝም።

ርዕሱን መጨረሻ ላይ አውጡ። በእርሳስ በትልቁ ጻፉትና ለመስታወት አሳዩት፤ ከዚያኛው በኩል ምንም የማይል ከሆነ ሌላ ፈልጉ። የኔ ወረቀት አሁን ጠረጴዛዬ ፊት ለፊት ቆሟል። በዚህ በኩል ሰበታ ይላል። በዚያ በኩል ታ ብቻ እግሯን አዙራለች።